ልብን በመዳፋቸው ያዳመጡት ሐኪም እና የሚጠቁረው ሕፃን

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ስለ ልብ ቀዶ ሕክምና አጀማመር በጤና ዓምዳችሁ ያወጣችሁትን ጽሑፍ እዚህ ሐዋሳ ተቀባብለን አንብበነዋል። እንዲህ ያለ ርዕስ በአማርኛ ሲጻፍ ደስ ይለናል፤ ይቀጥል እንላለን። ነገር ግን በ1944 በባልቲሞር ከተማ፣ በጆንስ ሆፕኪንስ ሆስፒታል በልብ ጉድለት ለሚጠቁሩ ሕፃናት የተደረገውን ቀዶ ሕክምና ለአንድ ሰው፣ ለቀዶ ሐኪሙ ለዶ/ር አልፍሬድ ብላሎክ ብቻ ሰጥታችሁታል። ሥራው የሦስት ሰው ነው። ሐሳቡን ያመጡት ቀዶ ሐኪም ያልነበሩት የሕፃናት ልብ ሐኪም ዶ/ር ሄለን ታውሲግ ናቸው። ስፌቱን በእንስሳት ላይ ደጋግመው ሠርተው መንገዱን ያቀኑት ደግሞ ሕክምና ለመማር ዕድል ያላገኙት የላቦራቶሪ ባለሙያ ቪቪየን ቶማስ ናቸው። (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ጽፈናል።)

ጉዳዩ የስም መዘለል ብቻ ቢሆን ሁለት መስመር ማረሚያ ይበቃው ነበር። ነገሩን ማርዘማችን ከዚያ ታሪክ ውስጥ ለሐዋሳ፣ ለይርጋለምና ለአለታ ወንዶ ቤተሰብ ዛሬ በቀጥታ የሚጠቅመው የተዘለለው ክፍል ስለሆነ ነው። ብላሎክ የሠሩትን ለመሥራት የቀዶ ክፍል፣ የሠለጠነ ቡድንና ብዙ ገንዘብ ያስፈልጋል። ታውሲግ ከዚያ በፊት የሠሩትን፣ ማለትም ሕፃኑን አይቶ፣ ዳስሶና እናቱን ጠይቆ ሕመሙን መለየትን፣ አንድ ጤና ጣቢያ በቀን ብርሃንና በሞቀ እጅ ሊሠራው ይችላል።

ዶ/ር ታውሲግ በ1898 በማሳቹሴትስ ግዛት ካምብሪጅ ከተማ ተወለዱ። የ11 ዓመት ልጅ ሳሉ እናታቸው በሳንባ ነቀርሳ ሞቱባቸው። ፊደል እየተዘበራረቀባቸው ማንበብ እጅግ ይከብዳቸው ስለነበር አባታቸው አጠገባቸው ተቀምጠው ያስጠኗቸው ነበር። ሃርቫርድ ለሴት የሕክምና ዲግሪ በማይሰጥበት ዘመን ቦስተን ዩኒቨርሲቲ ገብተው የሰውነት ክፍሎችን ጥናት ጀመሩ፤ አንድ መምህር የበሬ ልብ ሰጥተዋቸው እሱን እንዲያጠኑ አደረጉ። የሕይወታቸው አቅጣጫ የተወሰነው በዚያ ልብ ነው። ከዚያ ጆንስ ሆፕኪንስ ገብተው በ1927 በሕክምና ዶክትሬት ተመረቁ፤ በ1930 የሆስፒታሉን የሕፃናት ልብ ክሊኒክ እንዲመሩ ተሾሙ።

ክሊኒኩ መጀመሪያ ላይ በብዛት የሚያየው ዛሬም አገራችንን የሚያስቸግረውን ሕመም፣ ከጉሮሮ ቁስለት ተነሥቶ መገጣጠሚያንና የልብ በሮችን የሚያጠቃውን የሩማቲክ ትኩሳት ነበር። ፔኒሲሊን ገና እጅ አልገባም፤ የነበረው ሕክምና የአልጋ ዕረፍትና አስፕሪን ነው። ከእነዚህ ልጆች ጎን ደግሞ ሲወለዱ ጀምሮ ልባቸው የተዛባ፣ ከንፈራቸው የጠቆረ ሕፃናት ይመጡ ነበር። ለእነሱ ምንም የሚደረግ ነገር ስላልነበረ ሌላው ሐኪም ብዙም አያተኩርባቸውም፤ ታውሲግ ግን የእያንዳንዱን ምልክት ይመዘግባሉ፣ በራጅ መስታወት ፊት እያዞሩ የልባቸውን ቅርጽ ይመለከታሉ፣ ሕፃኑ ከሞተም ልቡን ከፍተው የመዘገቡትን ከሚያዩት ጋር ያስተያያሉ። በ1947 ያሳተሙት ስለ ልብ የተፈጥሮ ጉድለቶች የሚያትት መጽሐፍ የዚህ ማስተያየት ውጤት ነው።

ክሊኒኩን ከያዙ ብዙም ሳይቆዩ ጆሯቸው ይደክም ጀመር። የዚያ ዘመን የልብ ምርመራ ከሞላ ጎደል በማዳመጫ ስለነበረ ፈተናው ከባድ ነው። ድምፅ የሚያጎላ ማዳመጫ ያዙ፣ የተናጋሪን ከንፈር ማንበብ ለመዱ፣ ከሁሉ በላይ ግን መዳፋቸውን ከሕፃኑ ደረት ላይ አሳርፈው የልብን ሥራ በእጃቸው መለየት ተካኑ። ይህን ማንም የጤና ባለሙያ ሊለምደው ይችላል። እጅ አስቀድሞ ይሞቃል፤ ቀዝቃዛ እጅ ልጁን ያስለቅሳል፣ የሚያለቅስ ልጅ ደረት ደግሞ ምንም አይናገርም። ልጁ እናቱ ጭን ላይ እንዳለ መዳፍ በሙሉ ከግራ ጡት ሥር ያርፋል፤ የልብ ጫፍ የት እንደሚመታ በዚህ ይታወቃል። ቀጥሎ የመዳፍ ተረከዝ ከመሐል ደረት አጥንት በስተግራ ይቀመጣል። የቀኝ ልብ ክፍል ከወፈረ በእያንዳንዱ ምት እጅን ወደ ላይ ይገፋል። በመጨረሻ የጣት ሥሮች ወደ ላይ፣ ከአንገት ሥር ካለው አጥንት ዝቅ ብሎ ያርፋሉ። ደም በጠበበ መንገድ ሲሾልክ የሚፈጥረው መንዘር እዚህ አካባቢ ይያዛል፤ የጠገበች ድመት ጀርባ ላይ እጅ ሲያርፍ የሚሰማው ዓይነት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ግኝታቸው። ሕፃን በማኅፀን ሳለ በሳንባው ስለማይተነፍስ ወደ ሳንባ ሊሄድ የነበረው ደም አብዛኛው ዳክተስ በምትባል አጭር ቧንቧ ተሻግሮ ወደ ዋናው ደም ቅዳ ይገባል። ከተወለደ በኋላ ይህች ቧንቧ በአንድ፣ በሁለት ወይም በሦስት ቀን ውስጥ ትዘጋለች። ለጤነኛ ሕፃን መዘጋቷ መልካም ነው። ወደ ሳንባ የሚወስደው መንገድ ለጠበበበት ወይም ለተደፈነበት ሕፃን ግን ያለችው መተላለፊያ እሷ ናት፤ ደሙ በተቃራኒው ከዋናው ደም ቅዳ ወደ ሳንባ የሚደርሰው በእሷ በኩል ነው። ታውሲግ ያስተዋሉት ይህን ነው፦ ሕፃኑ ዳክተሷ ክፍት እስካለች ድረስ ይሻለዋል፤ የማያቋርጠው የዳክተስ ድምፅ የጠፋ ዕለት ይጠቁራል፣ ብዙ ሳይቆይም ይሞታል። ከዚህ የሚከተለው ለሐዋሳ እናትና ለአዋላጅ ነርስም ይሠራል። «ሲወለድ ደህና ነበር፣ ከሆስፒታልም ቀልቶ ነው የወጣው» የሚለው ቃል የልብ ጉድለትን አያስቀርም። በሦስተኛው ወይም በአምስተኛው ቀን መጥቆር የጀመረ ሕፃን ብርድ መትቶት ነው ተብሎ የሚታቀፍ ሳይሆን በዚያው ዕለት ሆስፒታል የሚደርስ ነው።

በ1938 ቦስተን ውስጥ ዶ/ር ሮበርት ግሮስ ሳትዘጋ የቀረችን ዳክተስ በቀዶ ሕክምና አሰሩ። ዓለም ይህን ሲያደንቅ ታውሲግ ነገሩን ገልብጠው አሰቡት፤ ትርፍ ዳክተስ መዝጋት ከተቻለ ለጎደለበት ሕፃን ዳክተስ መሥራት ለምን አይቻልም? ቦስተን ድረስ ሄደው ግሮስን ጠየቁ፤ ግሮስ አልተቀበሏቸውም። በ1941 ብላሎክ ረዳታቸውን ቶማስን ይዘው ወደ ሆፕኪንስ ሲመጡ ጥያቄው እነሱ ዘንድ ደረሰ።

ቪቪየን ቶማስ በ1910 የተወለዱ አናጺ ነበሩ። ለትምህርት ያጠራቀሙት ገንዘብ ያለበት ባንክ በኢኮኖሚ ውድቀቱ ሲዘጋ ኮሌጅ መግባቱ ቀረ፤ በ1930 ናሽቪል በብላሎክ ላቦራቶሪ ተቀጠሩ። ጥቁር በመሆናቸው የሥራ መደባቸው የጽዳት ሠራተኛ ነበር፣ የሚሠሩት ግን የተመራማሪ ሥራ ነው። ለዚህ ጉዳይ መጀመሪያ ውሾችን እንደ ሕፃናቱ ማጥቆር፣ ቀጥሎ ያንን በስፌት ማስተካከል ነበረባቸው። ሁለት ዓመት ገደማና ወደ 200 የሚጠጉ ውሾች ወስዷል። ለዚያ ስፌት የሚሆን መርፌ በገበያ ስላልነበረ ያለውን እያሳጠሩና እየሳሉ አዘጋጁ።

ኖቬምበር 29 ቀን 1944 የተሠራላት ሕፃን 15 ወር ሆኗት ክብደቷ 4 ኪሎ አካባቢ ነበር፤ በዚህ ዕድሜ ያለች ጤነኛ ልጅ 10 ኪሎ ገደማ ትመዝናለች። ብላሎክ ወደ ግራ ክንድ የሚወርደውን ደም ቅዳ ቆርጠው፣ ወደ ክንድ የሚሄደውን ጫፍ ቋጥረው፣ የላይኛውን ጫፍ ወደ ታች አዙረው ከሳንባው ደም ቧንቧ ጎን ላይ ሰፉት። ቶማስ ከኋላቸው በርጩማ ላይ ቆመው በትከሻቸው በኩል እየተመለከቱ ስፌቱ በየት በኩል እንዲገባ ይነግሯቸው ነበር። ክንዱ አይሞትም፤ በትከሻ ዙሪያ ያሉ ትናንሽ ቧንቧዎች ደም ያደርሱለታል፣ የእጅ አንጓው ምት ግን ይደክማል ወይም ይጠፋል። ስለዚህ በዚህ ዓይነት ቀዶ ያለፈ ሰው የደም ግፊቱ መለካት ያለበት በሌላው ክንድ ነው። ሕፃኗ ተሽሏት ጥቂት ወራት ከኖረች በኋላ ዐረፈች። በፌብሩዋሪ 1945 ሁለት ልጆች ተጨመሩ፤ ሦስተኛው የስድስት ዓመት ወንድ ልጅ ገና ከቀዶ ጠረጴዛው ሳይነሣ ከንፈሩ ቀላ። ውጤቱ በዚያው ዓመት ሜይ ወር ሲታተም የተጻፈው የብላሎክና የታውሲግ ስም ብቻ ነው። ቶማስ የክብር ዶክትሬት ያገኙት በ1976 ሲሆን ዛሬ ቀዶው በሦስቱም ስም፣ ብላሎክ–ታውሲግ–ቶማስ፣ እየተባለ ይጠራል።

አሁን የክንዱ ቧንቧ ብዙ ጊዜ አይቆረጥም፤ በእሱና በሳንባው ደም ቧንቧ መካከል 3.5 ወይም 4 ሚሊ ሜትር ስፋት ያላት ሰው ሠራሽ ቱቦ ትሰፋለች። ሰፊ ከሆነች ሳንባው በደም ይጥለቀለቃል፣ ጠባብ ከሆነች ልጁ እንደጠቆረ ይቀራል። የሚያስፈራው ደም ረግቶ ቱቦዋን ሲደፍናት ነው፤ በየቀኑ አስፕሪን የሚታዘዘው ለዚህ ነው። ልጁ ሲያስቀምጠው ወይም ሲያስመልሰው ሰውነቱ ውሃ ስለሚያጣ ደሙ ይወፍራል፣ ቱቦዋም ትዘጋለች። ስለዚህ ቱቦ የተሠራለት ልጅ ተቅማጥ እንደ ሌላው ልጅ ተቅማጥ ተጠብቆ የሚታይ አይደለም። ከ1954 ጀምሮ ደግሞ ልብን ከፍቶ ጉድለቱን ራሱን መጠገን ስለተቻለ ቱቦዋ ለብዙዎቹ እስከ ሙሉው ጥገና ድረስ የምታሻግር ድልድይ ናት።

ከሚጠቁሩት ሕፃናት አንድ ዓመት አልፏቸው የሚቆዩት በብዛት ፋሎት የሚባለው ሕመም ያለባቸው ናቸው፤ ስሙ በ1888 ዘርዝረው ከጻፉት ከፈረንሳዊው ሐኪም የመጣ ነው። አራት ነገር አብሮ ይገኝበታል። በሁለቱ የታችኛ የልብ ክፍሎች መካከል ያለው ግድግዳ ቀዳዳ አለው፤ ወደ ሳንባ መውጫው ጠባብ ነው፤ ዋናው ደም ቅዳ ቀዳዳው ላይ ተንፈራጥጦ ከሁለቱም ወገን ደም ይቀበላል፤ የቀኙ ግድግዳ ይወፍራል። የበሬ ልብ ከሥጋ ቤት አምጥቶ በአግድሙ የቆረጠ ሰው የግራው ግድግዳ ከቀኙ ሁለት ሦስት እጥፍ እንደሚወፍር ያያል። በፋሎት ልጅ ሁለቱ እኩል ይሆናሉ፤ የመዳፍን ተረከዝ ወደ ላይ የሚገፋው ያ የወፈረ ቀኝ ነው።

እዚህ ላይ የቃል ነገር አለ። በእንግሊዝኛ «ሰማያዊ ሕፃን» ስለሚባል ብዙ ባለሙያ እናትን «ሰማያዊ ይሆናል?» ብሎ ይጠይቃል። እናት «የለም» ትላለች፤ እውነቷን ነው፣ ሰማያዊ ሲሆን አላየችም። «ሲያለቅስ ይጠቁራል? ከንፈሩ፣ ምላሱ ይወይባል?» ሲባል ግን «አዎ፣ ይጠቁራል» ብላ ሰዓቱንም፣ ምን ሲያደርግ እንደሚብስበትም ትናገራለች። የሚታየው ምላስና የድድ ውስጠኛ ክፍል ነው፣ ያውም መስኮት አጠገብ ወይም ደጅ ወጥቶ በቀን ብርሃን። የእጅና የእግር ጫፍ በጤነኛ ጨቅላም በብርድ ይጠቁራል፤ ምላስ ግን በብርድ አይጠቁርም።

የደም ማነስ ይህን ምልክት ይሸፍናል። ዓይን ጥቁረቱን የሚለየው በትንንሾቹ የደም ሥሮች ውስጥ በ100 ሚሊ ሊትር ደም 5 ግራም ያህል ሄሞግሎቢን (ኦክስጅን የሚሸከመው የደም ክፍል) ኦክስጅን ሳይዝ ሲቀር ነው። 15 ግራም ሄሞግሎቢን ላለው ልጅ ይህ ሲሶው ነው። 7.5 ግራም ብቻ ላለው ግን ሁለት ሦስተኛው መሆኑ ነው፤ እዚያ ከመድረሱ በፊት ልጁ በጠና ታሟል። ስለዚህ የገረጣ፣ ግን «የማይጠቁር» ልጅ ደህና ነው ማለት አይደለም። ነገሩ በሌላ በኩልም ይሠራል፦ የፋሎት ልጅ ሰውነት ኦክስጅን ሲያንሰው ቀይ ደም ስለሚያበዛ፣ ለሌላ ልጅ ደህና የሆነ 12 ግራም ለእሱ የደም ማነስ ነው። የብረት እጥረት ያለበት የፋሎት ሕፃን ከታች ለምንገልጸው የመጥቆር ጥቃትም ለስትሮክም የተጋለጠ ነው፤ ደሙ «ደህና» ተብሎ ከመመለሱ በፊት ከኦክስጅን ልኬቱ ጋር ይታይ።

የኦክስጅን መለኪያው በብዙ ጤና ጣቢያ አለ፤ አለካኩ ግን ይበላሻል። ከወሊድ በኋላ ከ24 ሰዓት ጀምሮ በቀኝ እጅና በአንድ እግር ይለካል። 95 በመቶና ከዚያ በላይ ሆኖ በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ከ3 የማይበልጥ ከሆነ ጥሩ ነው፤ ከ90 በታች ከሆነ ሳይውል ሳያድር ሐኪም ማየት አለበት፤ በመካከል ያለው ከአንድ ሰዓት በኋላ ይደገማል። ቀዝቃዛ እግር፣ የሚንፈራገጥ ልጅና የጥፍር ቀለም የውሸት ቁጥር ይሰጣሉ፤ እንሶስላ የሞቀ ጣት ከሆነ ያልሞቀ ጣት ወይም የጆሮ ጫፍ ይፈለግ። ጥቁር ቆዳ ላይ መሣሪያው ከእውነተኛው ጥቂት ከፍ አድርጎ ሊያሳይ ስለሚችል ዳር ላይ ያለ ቁጥር አያዘናጋን። ከፍታም ይቆጠራል። ሐዋሳ ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር አካባቢ ሲሆን አዲስ አበባ ከዚያ በ600 ሜትር ያህል ይበልጣል፤ እዚህ የተለካ ልጅ እዚያ ዝቅ ብሎ ቢገኝ ቤተሰቡ ይደነግጣል። ሪፈር ወረቀቱ ላይ ከቁጥሩ ጎን የተለካበት ከተማ ይጻፍ።

ቆሞ መሄድ የጀመረ የፋሎት ልጅ ምልክቱን ራሱ ያሳያል። ጥቂት ይራመዳል ወይም ይሮጣል፣ ከዚያ ቁጢጥ ብሎ ጉልበቱን ደረቱ ላይ ያደርጋል፤ ሲሻለው ይነሣል። ታውሲግ ይህን አቀማመጥ ከክሊኒካቸው ልጆች አስተውለውታል። ቁጢጥ ሲል ወደ እግር የሚወርደው የደም መንገድ ስለሚጠብ፣ በልቡ ቀዳዳ ሾልኮ ወደ ሰውነት ሊሄድ የነበረው ደም ወደ ሳንባ ይገፋል። «ሰነፍ ነው፣ መንገድ ላይ ይቀመጣል» እየተባለ የሚጎተት ልጅ ሕክምናውን ለራሱ እየሰጠ መሆኑን የመዋዕለ ሕፃናት መምህራን ቢያውቁት እንወዳለን።

ለሕፃኑ ግን ቁጢጥ የምታስብለው እናቱ ናት። የመጥቆር ጥቃት ብዙ ጊዜ ጠዋት፣ ከለቅሶ፣ ከመጥባት ወይም ከማስቀመጥ በኋላ ይመጣል፤ ልጁ በፍጥነትና በጥልቀት ይተነፍሳል፣ እየጠቆረ ይሄዳል፣ ካልተረዳ ይዝላል፣ ራሱንም ሊስት ይችላል። በዚህ ጊዜ ማወዛወዝ፣ ውሃ መርጨት፣ በጀርባ ዘርግቶ ማስተኛት ሁሉ ይጎዳል። የሚጥል በሽታ መስሎ ክብሪት ማሸተትም ያስለቅሰዋል እንጂ አይጠቅመውም። የሚደረገው ይኸ ነው፦ በዝግታ ይታቀፋል፣ ፊቱ ወደ እናቱ ትከሻ ሆኖ ሁለቱ ጉልበቶቹ ተጣጥፈው ሆዱና ደረቱ ላይ ይጫናሉ፣ በዝቅተኛ ድምፅ ይባበላል። በደቂቃዎች ውስጥ መቅላት ካልጀመረ በዚያው አያያዝ፣ ጉልበቱ ሳይለቀቅ ባጃጅ ይያዝና ወደ ሆስፒታል። እዚያም መጀመሪያ ኦክስጅን ልጁ እናቱ እቅፍ ላይ እንዳለ፣ ከዚያ በኪሎ 0.1 ሚሊ ግራም ሞርፊን ከጡንቻ ወይም ከቆዳ ሥር፣ ቀጥሎ በኪሎ 10 ሚሊ ሊትር ሴላይን፣ እንደ ሁኔታው ፕሮፕራኖሎል የተባለው የልብ መድኃኒት ይሰጣል። በደም ሥር ፍለጋ አሥር ጊዜ መውጋት ጥቃቱን ያባብሰዋል። ሌላው ስህተት የልብ ድካም ነው ብሎ ሽንት የሚያበዛውን ላሲክስ መስጠት ነው። የፋሎት ሕፃን ችግር የውሃ መብዛት አይደለም፤ ውሃውን ስናስወጣበት ደሙን ነው የምናወፍርበት። ማዳመጫ የያዘ ባለሙያም ይጠንቀቅ፤ በጥቃቱ ጊዜ ወደ ሳንባ የሚያልፈው ደም ስለሚያንስ ሌላ ጊዜ ጎልቶ የሚሰማው ድምፅ ይለዝባል ወይም ይጠፋል። ጸጥ ያለ ደረት እዚህ ላይ የመልካም ምልክት አይደለም።

ቀዶ ሕክምናው እስኪደርስ መጠበቅ አለ። በጥቁር አንበሳ ግቢ የሚገኘውን፣ ዶ/ር በላይ አበጋዝ ያቋቋሙት የልብ ሕሙማን ሕፃናት መርጃ የሚያገለግልበትን የልብ ማዕከል የምታውቁት ነው፤ ከሐዋሳ 275 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድና ከዚያም ረጅም ወረፋ አለ። ብዙ ልጅ የሚጎዳው በዚህ መሐል ነው። ተቅማጥ ሲጀምረው በመጀመሪያው ሰዓት ኦአርኤስ ይጀመርለት፤ ካስመለሰው ቤት አይቆይ። በጉዞ ቀን «መንገድ ላይ ይረብሻል» ተብሎ ውሃና ጡት አይከልከል። እንጥል ማስቆረጥና የሕፃን ጥርስ ማስነቀል ለማንም ልጅ ጎጂ ነው፤ ለዚህ ልጅ ግን ደሙ ቶሎ ስለማይቆምና ከአፍ የገባው ጀርም ልቡ ውስጥ ሊቀመጥ ስለሚችል ገዳይ ሊሆን ይችላል። ጥርስ ሐኪም ዘንድ ለመንቀል ሲሄድም የልብ ሕመሙን አስቀድሞ መናገር ያሻል፤ ከ30 እስከ 60 ደቂቃ ቀደም ብሎ በኪሎ 50 ሚሊ ግራም አሞክሲሲሊን ይሰጠዋል። ሁለት ዓመት ያለፈው የሚጠቁር ልጅ ራስ ምታት፣ ትኩሳትና ትውከት ከያዘው ወይም አንድ ጎኑ ከደከመ አንጎሉ ውስጥ መግል ሊኖር ስለሚችል ወባ ብቻ ነው ተብሎ አይታለፍ።

ታውሲግ ሥራቸውን የጀመሩበትን የሩማቲክ ልብ ሕመምም ሳናነሣ አንለፍ፤ በእኛ ዘንድ ትምህርት ቤት የደረሱ ልጆችን የሚያደክመው እሱ ነው። ሕመሙ እንዳያገረሽ በየአራት ሳምንቱ በመርፌ የሚሰጠው ቤንዛቲን ፔኒሲሊን፣ እንደ ክብደቱ 600 ሺህ ወይም 1.2 ሚሊዮን ዩኒት፣ ደለል ያለው መድኃኒት ስለሆነ በደንብ ካልተነቀነቀና መርፌው ከቀጠነ መሐል ላይ ይደፈናል፤ ልጁ ሁለተኛ ይወጋል፣ በሚቀጥለው ወር ይቀራል። የልብ በሩ በጣም የተጎዳና የልብ ድካም ያለበት ታካሚ መርፌው ሲሰጥ ራሱን ስቶ ሊወድቅ ስለሚችል፣ ለእንዲህ ያለው በቀን ሁለት ጊዜ የሚዋጥ ፔኒሲሊን ይሻላል የሚል ምክር በቅርብ ዓመታት ወጥቷል። ሐኪም ሳያማክሩ ግን መርፌውን ማቋረጥ አይገባም።

የቀረውን የሕይወት ታሪካቸውን ባጭሩ። በ1962 ታሊዶማይድ የተባለው ማስታገሻ በእርግዝና ጊዜ ሲወሰድ እጅና እግር የሌላቸው ሕፃናት እንደሚያስወልድ ከቀድሞ ተማሪያቸው ሰምተው ጀርመን ሄዱ፤ የራሳቸውን ምርመራ አድርገው ተመልሰው በአሜሪካ ምክር ቤት ፊት ቀርበው መሰከሩ። ሙሉ ፕሮፌሰርነት የተሰጣቸው በ1959፣ ክሊኒኩን ለ29 ዓመት ከመሩ በኋላ ነው። በ1965 የአሜሪካ የልብ ማኅበር የመጀመሪያዋ ሴት ፕሬዚዳንት ሆኑ። ጡረታ ከወጡ በኋላም የመጀመሪያዎቹን ታካሚዎቻቸውን ለአሥርት ዓመታት እየተከታተሉ ማን ምን ላይ እንደደረሰ ጽፈዋል፤ ቀዶው በረጅም ጊዜ ምን እንደሚያስከትል የታወቀው በዚያ ክትትል ነው። በ1986 በመኪና አደጋ ሲሞቱ 88 ዓመት ሊሞላቸው ጥቂት ቀናት ቀርተዋቸው ነበር።

ዝግጅት ክፍሉን የምንጠይቀው ሁለት ነገር ነው። ማረሚያ ስታወጡ የሦስቱም ስም፣ በርጩማው ላይ የቆሙትን የቶማስን ጨምሮ፣ እኩል ይጻፍ። ለልብ ሕሙማን ሕፃናት የእርዳታ ጥሪ ስታትሙም ከባንክ ሒሳብ ቁጥሩ ጎን ጉልበቱን ወደ ደረቱ አጥፎ መያዝን የሚያሳይ አንድ ሥዕልና አራት መስመር ማብራሪያ ጨምሩበት። «ሰማያዊ ሕፃን» ብላችሁ ከጻፋችሁም አጠገቡ «የሚጠቁር» የሚለውን አስገቡልን፤ እናቶች ልጃቸውን የሚያውቁት በዚህ ቃል ነው።

ከአክብሮት ጋር፣
በሐዋሳ በሕፃናት ልብ ክትትል ላይ የምንሠራ የጤና ባለሙያዎች